እንግድነት የሄዱት ዴስኮች

እንደምን አደርክ፣ ደባልቄ? ሥራ እንዴት ነው? አይ፣ ተወው፣ እጅህን አትዘርጋልኝ፤ ምላጭ የያዘ ሰው በዓይኑ ሰላም ካለ ይበቃል። እኔ እዚህች ግንድ ላይ ቁጭ ብዬ ተራዬን እጠብቃለሁ። ከእኚህ አባት ሌላ ወረፋ የለም አይደል? ጎሽ። እኔ አልቸኩልም… ማለቴ፣ በትክክል ለመናገር ትንሽ እቸኩላለሁ፤ ግን ትልቅ ሰው ተላጭቶ እስኪጨርስ መጠበቅ ደንብ ነው።

ማንጎው ዘንድሮ ምን ነክቶት ነው እንዲህ ያፈራው? ትናንት ከዚሁ ዛፍ ሥር ሳልፍ አንዱ ወርዶ ትከሻዬ ላይ ፈረጠ። ነጭ ሸሚዝ ነበር። ደጋግሜ አጠብኩት፤ አለቀቀም። ዛፉን አልወቅስም፤ ቀና ብዬ ማየት የነበረብኝ እኔ ነኝ። ከላይ የተቀመጠ የበሰለ ነገር ሲወርድ መቼም ራሱን አይጎዳም፤ ልብሱ የሚበላሸው ከሥር ያለው ሰው ነው። አሁን ይሄን ለምን አልኩ? ተወው፣ የማንጎ ወሬ ነው።

አባቴ፣ እርስዎም እንደምን አደሩ? ፊትዎ እስከ ዓይንዎ ድረስ አረፋ ስለሆነ ማን እንደሆኑ መለየት አልቻልኩም፤ አይቀየሙኝ። ኧረ አይመልሱልኝ፣ ምላጩ ጉሮሮዎ ላይ ነው። ጭንቅላትዎንም አይነቅንቁ። ደባልቄ፣ ቀስ በል፤ የያዝከው የሰው አባት ነው። … ይሄ ከዛፉ ጋር የተደገፈ ከዘራ ግን፣ አንገቱ ላይ ናስ የተጠመጠመበት፣ የት ነው ያየሁት? አይ፣ ከዘራ ሁሉ ይመሳሰላል። እኔ ደግሞ ሰውም ሆነ ዕቃ መለየት ላይ ደካማ ነኝ።

ያ ከመደብሩ በር ላይ የቆመው የጭነት መኪና የኩባንያው ነው አይደል? ከዚህ ሆኖ ጥርት ብሎ ይታያል። ጥሩ ቦታ ነው የያዝከው፣ ደባልቄ። አንተ ስትላጭ አሶሳ በሙሉ ፊትህ ነው፤ የሚላጨው ሰው ደግሞ መስታወቱ ዛፉ ላይ ስለተሰቀለ ጀርባውን ለከተማው ሰጥቶ ራሱን ብቻ ያያል። የሚያስቀና አቀማመጥ ነው። አንዳንድ ሰው ለዚህ አቀማመጥ ሊላጭ እንኳ መምጣት አያስፈልገውም።

መኪናው የጫነው ምን እንደሆነ ታውቃለህ? ዴስክ። አዲስ የተማሪ ዴስክ፣ ቫርኒሹ ያልደረቀ፣ ፀሐይ ሲያርፍበት የሚያብረቀርቅ። ግማሹ ዛሬ ከሰዓት በፊት ከመንደራችን ወንዝ ማዶ ላለው ትምህርት ቤት ይራገፋል። ሥነ ሥርዓት አለ፤ ሪባን ይቆረጣል፤ ሽማግሌ ይመርቃል። ሌላው ግማሽ ደግሞ ወደ ካማሺ ይሄዳል። የካማሺን መንገድ ታውቀዋለህ፤ ዴስኮቹ እስኪደርሱ እግራቸውን ካተረፉ ዕድለኞች ናቸው።

ታዲያ የእናንተ መንደርስ ትለኝ ይሆናል። ተገቢ ጥያቄ ነው። የጠየቅነው እኛ፣ የመጣው ለእኛ፣ የሚሄደው ወደ ሌላ… እንዴት ሆነ? እኔም ራሴን ስጠይቅ ሰነበትኩ። ምናልባት ያልገባኝ ነገር ይኖራል። በቅደም ተከተል ልንገርህና የተሳሳትኩት ካለ አርመኝ።

የሰፈራው ትምህርት ቤታችን እስከ ስድስተኛ ክፍል መሆኑን ታውቃለህ። ልጆቹ የሚቀመጡት በቀርከሃ ሽመል ርብራብ ላይ ነው፤ ሽመሉ ሲሰነጠቅ ጭናቸውን ይቆነጥጣቸዋል፤ ደብተራቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ይጽፋሉ። ከትምህርት ቢሮ የመጡት ሰዎች ይሄን አይተው ቁርጥ ያለ ነገር ነገሩን። ለመስከረም ዴስክ ካገኛችሁ ሰባተኛ ክፍል እንከፍታለን፤ ካላገኛችሁ ልጆቹ ወንዙን ተሻግረው ይማሩ። ወንዙን ታውቀዋለህ። በግንቦት ልጅ ይዘለዋል፤ በመስከረም ግን የግንዱን ድልድይ ራሱን ይዞት ይሄዳል። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ይባላል… እኛ ዘንድ ያለው ችግር ጥሙ አይደለም።

ስለዚህ ኩባንያውን እንጠይቅ ተባለ። እኔ የወላጅ ኮሚቴው ጸሐፊ ነኝ፤ ጽሕፈቴ ይነበባል ብለው ነው የመረጡኝ፣ ለሌላ አይደለም። የንግድ ድርጅት እንዴት እንደሚለመን ግን አላውቅም። ቢሮ ለምኜ አውቃለሁ፤ ለቢሮ ማመልከቻ ትጽፋለህ፣ ትጠብቃለህ፣ ትረሳለህ። ከአዲስ አበባ መጥቶ ከቆርቆሮ እስከ ብርድ ልብስ፣ ከሳሙና እስከ ወንበር የሚሸጥ ኩባንያ ግን እንዴት ይጠየቃል? ጨነቀኝ። ጨንቆኝ ጨንቆኝ መጨረሻ ላይ የሚሰጠውን ሰውዬ ራሱን ሄጄ ጠየቅሁት፤ አቶ ስለሺን፣ የቅርንጫፉን ሥራ አስኪያጅ። ሳቀ። እስከዛሬ ስጡን ያለኝ እንጂ እንዴት ልጠይቅህ ያለኝ አንተ የመጀመሪያው ነህ አለኝ።

አስቀምጦ አስተማረኝ። ገንዘብ አትጠይቁ፤ ገንዘብ ከዋናው መሥሪያ ቤት ፈቃድ ይፈልጋል፤ መደብሩ ያለውን ዕቃ ጠይቁ። እርዱን ብቻ ብላችሁ አትምጡ፤ ምን እንደሆነ፣ ለየትኛው ክፍል እንደሆነ፣ ባይገኝ ምን እንደሚቀር ንገሩ። የኩባንያው ዓመት ሳይዘጋ ኑ፤ በሰኔ መጨረሻ ብትመጡ የሚተርፋችሁ ምክር ብቻ ነው። ለሰጪውም የሚተርፈውን አስቡ፤ ስሙን ግድግዳችሁ ላይ ጻፉለት፤ ባይሰጣችሁም አመስግኑት፣ በሚቀጥለው ዓመት ያስታውሳችኋል። ይሄን ሁሉ በቃሌ ያዝኩ። ስወጣ ከበሩ ላይ መልሶ ጠራኝና ከሁሉ የሚበልጠውን ነገረኝ።

«ከዋናው መሥሪያ ቤት የምትመጣው ወይዘሮ ውድነሽ የምትሰጠው በጆሮዋ የሰማችውን ሳይሆን በዓይኗ ያየችውን ነው። ከምሳ በፊት ክፍሉን አሳዩዋት።»

ቀላል ነገር ነው፣ አይደል? ሽመል አለን። የተቆነጠጠ ጭን አለን። ማሳየት ብቻ። ለማሳየት ደግሞ መማር አያስፈልግም፤ በሩን መክፈት ይበቃል።

ግን በመንደራችን አንድ ትልቅ ሰው አሉ፣ ደባልቄ። ስማቸውን አልጠራም፤ እንዲህ ያለ ሰው ስሙ በፀጉር አስተካካይ ቤት ሲጠራ ደስ አይልም። የኮሚቴያችን ሊቀመንበር ናቸው… ሊቀመንበር እንኳ ያንስባቸዋል። እኔ እንደሳቸው ክብር የሚያውቅ ሰው አላየሁም። በድርቁ ዘመን ከወሎ ሲመጡ፣ ሌላው ሰው ስንዴ ለመቀበል ሁለት እጁን ሲዘረጋ፣ እሳቸው አንዱን እጃቸውን ፊታቸው ላይ አድርገው ነበር አሉ፤ ካሜራ የያዙ ፈረንጆች ነበሩና። ይሄን የነገሩኝ ራሳቸው ናቸው። እኔ ይሄ ይገባኛል። አይገባኝም ብል ውሸት ነው። እጁን ዘርግቶ ፎቶ የተነሳ ሰው ዳግመኛ እጁን አይዘረጋም። ብቻ… የሌሎችንም እጅ አብሮ ማጠፍ ግን ተጨማሪ ጉልበት ይጠይቃል፣ አይደል? እሳቸው ጉልበት አላቸው። ዕድሜ ይስጣቸው።

ወይዘሮ ውድነሽ ልትመጣ አንድ ቀን ሲቀር፣ እኚህ ትልቅ ሰው ክፍሉን ሊጎበኙ መጡ። ሽመሉን በከዘራቸው ነካ ነካ አደረጉት። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ።

«እንግዳ ከአዲስ አበባ ድረስ መጥቶ የኛን ገበና አይቶ ይሂድ?»

እኔ ቀስ ብዬ፣ የምትመጣው እኮ እሱን ልታይ ነው አልኳቸው። መጥፎ አላየኝም መሰለኝ፤ ብቻ ለረጅም ጊዜ አየኝ… አየኝ እላለሁ እንዴ? አዩኝ ማለቴ ነው፤ አፌ ነው። ከዚያ አንተ መምህር ነህ፣ እንግዳ ግን አታውቅም አሉኝ። እውነታቸውን ሊሆን ይችላል። ከሌላ ክልል ተመድቤ የመጣሁ ልጅ ነኝ፤ አባቴ ይሆናሉ፤ ምን እላለሁ? ዝም አይነቅዝም ይባላል፤ ሽመል ላይ የተቀመጠ ልጅ ግን ሳይነቅዝ አይቀርም።

ምን አደረጉ መሰለህ? ከማዶ ዴስክ ተዋሱ። አትሳቅ፣ ምላጭ ይዘሃል። መቼም በክልላችን መዋስ ነውር አይደለም። ክልሉ ገና ስሙን እየለመደ ነው፤ ቢሮው ከቢሮ ወንበር ሳይዋስ ስብሰባ አይከፈትም። እኔ አንድ ወንበር አውቃለሁ፣ እግሩ በሽቦ የታሰረ፤ ግብርና ቢሮ ስብሰባ ብሄድ አገኘዋለሁ፣ ጤና ቢሮ ብሄድ ቀድሞኝ ደርሷል። ከብዙ ኃላፊ ይልቅ ስለ ክልሉ ጉዳይ ያውቃል። ስለዚህ መዋሱ አልገረመኝም። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ይባላል፤ የእኛ ግን ከዚያ ረቀቅ ያለ ነበር። ችግር መኖሩ እንዳይታወቅ ነው የተበደርነው።

የማዶው ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር ብኸይታ ነው። ታውቀዋለህ፣ ያ ረጅሙ፣ ፂሙን አንተ ጋ የሚከረከመው። እሱ ራሱ ዴስክ ያለው ለአንድ ክፍል ብቻ ነው። ሄጄ ስጠይቀው እያፈርኩ ነበር። አላስጨረሰኝም። «ጎረቤት እንግዳ መጣ፣ እኛም እንግዳ መጣ ነው። ውሰድ፣ ከላስ፣ አለቀ» አለኝ። ልጆቹን ጠርቶ ዴስኮቹን አሸከማቸው። እኔም አንዱን ተሸከምኩ። የኛዎቹ ልጆች ደግሞ ሽመሉን ነቅለው ከሽንት ቤቱ ጀርባ ደበቁት። ትልቁ ሰው ቆመው፣ ይሄኛውን ወደ ግድግዳ አዙሩት፣ የማዶው ስም ተጽፎበታል እያሉ ያስተካክሉ ነበር። እንዲህ ያለ ጥንቃቄ እኔ በሥራዬ ላይ ባደርግ ኖሮ የት በደረስኩ።

አፍ ያለው ጤፍ ይቆላል፤ እሳቸው ደግሞ አፋቸው ለራሳቸው ብቻ አይበቃም፣ ለልጆቹም ይተርፋል። ልጆቹን ሰብስበው አስጠኗቸው። እንግዳዋ ምን ጎደላችሁ ብላ ብትጠይቃችሁ፣ እጃችሁን ወደ ኋላ፣ ደረታችሁን ቀና፣ ድምፃችሁን ጥርት አድርጋችሁ «ምንም አልጎደለንም» በሉ። እኔ ሒሳብ ሳስተምር እንዲህ በአንድ ጊዜ የገባቸው ቀን የለም። ከሁሉም ጎበዟ የራሳቸው የልጅ ልጅ ናት፣ ትዕግሥት፤ የስድስተኛ ክፍል አንደኛ የምትወጣዋ። ሐኪም እሆናለሁ የምትል ልጅ ናት። ሰባተኛ ክፍል ቢከፈት የመጀመሪያዋ ተመዝጋቢ እሷ ነበረች… ነበረች አልኩ? ነች። ገና መስከረም አልደረሰም።

አባቴ፣ ደህና ነዎት? ተንቀሳቀሱ መሰለኝ። ደባልቄ፣ ሳሙናው ዓይናቸው ገብቶ ይሆናል፤ ጥረግላቸው። ዓይን ውስጥ የገባ ሳሙና ያስለቅሳል፤ ሰው ግን ሌላ ይመስለዋል።

ወይዘሮ ውድነሽ መጣች። ጥሩ ሴት ናት፤ አቧራ አልፈራችም፤ ጫማዋን እንኳ አላየችም። ክፍሉ ውስጥ ገባች። ልጆቹ ዴስክ ላይ እንዴት እንደሚቀመጡ ስለማያውቁ እንደ ተሰቀለ ፎቶ ደርቀው ቁጭ ብለዋል። አንዱ እግሩን የት እንደሚያደርግ ጠፍቶት መቀመጫው ላይ አጣጥፎ ተቀምጧል፣ እንደ ሽመሉ። እሷ ዙሪያውን አየች። የአቶ ስለሺ ፊት ምን እንደመሰለ ልነግርህ አልችልም፤ እሱ ሽመሉን ያውቀዋል፤ ባለፈው ወር መጥቶ ተቀምጦበታል። ግን አለቃው ፊት ሽማግሌ አስተባብሎ አይናገር ነገር። ከዚያ እሷ ወደ ትዕግሥት ጎንበስ አለች።

«የኔ ቆንጆ፣ ምን ጎደላችሁ?»

ትዕግሥት ተነሳች። እጇን ወደ ኋላ አደረገች። በዚያች ጥርት ባለች ድምጿ መለሰች።

«ምንም አልጎደለንም።»

ወይዘሮዋ ቀና ብላ እኔን አየችኝ። ለኩባንያው የጻፍነው ማመልከቻ ላይ ስሜ አለ፤ ታዲያ ምን ፈልጋችሁ ነው እንደማለት። አሁን ልናገር ብዬ አፌን ስከፍት… ትልቁ ሰው ምርቃት ጀመሩ። ምርቃት እንዴት ይቋረጣል፣ ደባልቄ? ሰማይ ቤት የጀመረ ምርቃት ምድር እስኪደርስ አሜን ከማለት ሌላ ምን ይደረጋል? ስለ ኩባንያው መረቁ፣ ስለ መኪናው ጎማ መረቁ፣ ስለ ሾፌሩ እናት መረቁ። አፌ እንደተከፈተ ቀረ፤ አሜን የሚገባበትና የሚወጣበት ሆነ። ምርቃታቸው ግን ያምራል። በዚህ ክልል እንደሳቸው የሚመርቅ የለም፤ ይሄን ያልኩት ከልቤ ነው።

ከዚያ ምሳ። ሙክታቸውን አርደው፣ የራሳቸውን፣ ለበዓል ያሉትን። ስስት ያለበት ሰው አይደሉም፤ ያላቸውን ሁሉ ለእንግዳ ነው የሚሰጡት፤ የሌለንንም ጭምር። ወይዘሮ ውድነሽ በልታ፣ አመስግና፣ እንዲህ የደራ ትምህርት ቤት አዲስ አበባም አላየሁ አለች። ትልቁ ሰው ያን ጊዜ ፈገግ ያሉት ፈገግታ… የዚያን ቀን በእውነት ወጣት መሰሉ። ከወሎ ጀምሮ ፊታቸው ላይ የነበረችው እጅ ያን ቀን ነው የወረደችው። አየሁት። ልቀናባቸውም ምንም አልቀረኝ።

ሲመለሱ መኪናዋ የግንዱ ድልድይ ላይ ቀስ ማለት ነበረባት። ቀስ ስትል ከማዶ የልጆች ድምፅ ተሰማ፤ ፊደል በዜማ ሲሉ። ወይዘሮ ውድነሽ አቁሙ አለች፤ ወረደች። ምን ታያለች? ክፍል ሙሉ ልጅ ባዶ መሬት ላይ ተቀምጦ፣ ደብተሩን አፈር ላይ ዘርግቶ ይጽፋል። ብኸይታን ዴስክ የላችሁም ወይ ብላ ጠየቀችው። እንግዲህ ብኸይታ ሐሰት አይወድም፤ የጎረቤቱን ገበና ማውጣትም አይወድም። ሁለቱን አንድ ላይ እንዴት እንዳስታረቃቸው ስማ።

«ዴስክ አለ። ዛሬ እንግድነት ሄዷል» አላት።

ቀልድ መሰላት። ችግሩን በሳቅ የሚሸኝ ሰው አገኘሁ ብላ ዓይኗ እንባ ሞላ። እውነቱን ነው የነገራት፣ ደባልቄ! በዚያን ቀን ከሰማችው ሁሉ ቃል በቃል እውነት የነበረው እሱ ብቻ ነው፤ ያላመነችውም እሱን ብቻ ነው። እዚያው ቆማ ወሰነች፤ ለሰፈራው ተብሎ ከመጣው ግማሹ እዚህ ይግባ፣ ግማሹ ካማሺ፣ የተቸገሩት ዘንድ ይሂድ። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይላሉ፤ ውሸት ነው። መድኃኒቱማ ተገኝቷል፤ የተሰጠው ለጎረቤት ነው እንጂ። ብኸይታ አይገባውም አልልም። ይገባዋል። የሱ ክፍሎች ብዙ ናቸው፤ የነበሩት ዴስኮች ለአንዱም በቅጡ አይበቁም ነበር። ሰባተኛ ክፍልም እዚያ ይከፈታል። የኛ ልጆች በመስከረም ጎርፉን ተሻግረው፣ ከደረሱ፣ አዲስ ዴስክ ላይ ይቀመጣሉ። ከደረሱ ያልኩት ለጥንቃቄ ነው።

አሁን ወደ ዛሬ ልምጣ፤ ረዘመብህ መሰለኝ። ትናንት ከሰዓት አቶ ስለሺ አስጠራኝ። ተናዷል። ያስተማርኩህ ይሄን ነው ወይ አለኝ። የሆነውን ሁሉ ነገርኩት። አሰበ አሰበና አንድ ቀዳዳ አለች አለ። ወይዘሮ ውድነሽ ለርክክቡ ተመልሳ መጥታለች፤ መኪናው እስኪነሳ መደብሩ ውስጥ ናት። አንተ ብትነግራት መምህሩ ከሊቀመንበሩ ጋር ተጣልቷል ብላ ነው የምታስበው፤ እኔም አለቃዬን ተታለሽ ልላት አልችልም። ግን ያን ቀን ሞልቷል ያሏት ሰው ራሳቸው ገብተው፣ የተዋስነው ነበር፣ የኛ ልጆች የሚቀመጡት ሽመል ላይ ነው ቢሏት፣ የካማሺው ጭነት ለሌላ ዙር ይቆያል፣ ይሄኛው እናንተ ጋ ይራገፋል። አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። ከምርቃቱ በጣም ያጥራል።

ትናንት ማታ ሳይመሽ እቤታቸው ሄድኩ፤ ተኝተዋል ተባልኩ። ዛሬ ጠዋት ሄድኩ፤ ትዕግሥት ናት በር ላይ የቆመችው። አያቴ ለማዶው ሥነ ሥርዓት የክብር እንግዳ ስለሆነ፣ እዚያ እሱ ስለሚመርቅ፣ ሊላጭ ከተማ ወጥቷል አለችኝ። ከዚያ ምን ብላ ጠየቀችኝ መሰለህ? መምህር፣ ወንዙ ሲሞላ የሚሻገሩት ዋና ያወቁት ብቻ ናቸው ወይ አለችኝ። አላውቅም አልኳት። ያወቅሁትን እንጂ ያላወቅሁትን አልመልስም፤ ልማዴ ነው።

እኔም ከዚያ፣ እስቲ ፂሜን ልስተካከል ብዬ መጣሁ። ፂም የለህም ትለኝ ይሆናል፤ መንገድ ላይ ይበቅላል ብዬ ነው። እኚያን ትልቅ ሰው አላየሃቸውም አይደል? አይ፣ አንተ ጋ አልመጡም መሰለኝ። እንዲያማ ቢሆን ኖሮ አንድም ቃል ባልተናገርኩ፤ ትልቅ ሰው በሌለበት ማማት ነውር ነው፤ ባለበት ደግሞ የባሰ ነውር።

ስማ… ሞተሩ ተነሳ። ይሄው ጭስ ጀመረ። ሸራውን እያሰሩት ነው፤ ሾፌሩ ጎማውን በእግሩ እየመታ ይዞራል። ሸራ እስኪታሰር ጊዜ አለ፤ ከዚህ እስከዚያ ደግሞ ገበያውን አቋርጦ ለሚሄድ ሰው ምንም አይደለም፤ ያው ነው፣ ይታያል።

ደባልቄ፣ ለመሆኑ እኚህ አባት የቱ ጋ ደርሰዋል? ቀኝ ጉንጫቸው አልቋል፤ ግራው አረፋ ነው። እንበል፣ ለምሳሌ ያህል ነው፣ አንድ ሰው አሁን ከዚህ ወንበር ቢነሳ፣ ግማሽ ፊቱ ተላጭቶ፣ ግማሹ ነጭ አረፋ፣ አንገቱ ላይ ፎጣ፣ በገበያው መሃል… በሽንኩርት ሻጮቹ ፊት፣ በቢሮ ሠራተኛው ሁሉ ፊት… እንዴት ይሆናል? ሰው ምን ይላል? ገበና አይደለም ወይ? አይሆንም። እኔም አልመክርም። ክብር ያለው ሰው ፊቱን ሳይጨርስ አደባባይ አይወጣም። ግራውን ቀስ ብለህ ላጭ፤ ሎሽን ቀባ፤ መስታወት አሳይ። መኪናውም ይሂድ። ካማሺም ልጅ አለ።

እኔ ልሂድ፤ የኔን ሌላ ቀን ትላጨኛለህ። ከመሄዴ በፊት ግን ለእኚያ ትልቅ ሰው ምርቃት ላድርስላቸው። እሳቸው ሁሉን ይመርቃሉ፤ እሳቸውን የሚመርቅ ማን አለ? አልችልበትም፤ ካሳነስኩ ከልምድ ማጣት ነው። ደባልቄ፣ አንተ አሜን በል። አባቴ፣ እርስዎም በልብዎ ይበሉልኝ፤ ከንፈርዎን አያንቀሳቅሱ።

ዕድሜያቸውን እንደ ዋርካ ያርዝመው። ደጃቸውን እንግዳ አያሳጣው። እኛን እንደሸፈኑን ፈጣሪ ገበናቸውን ይሸፍንላቸው። ሽመል የነካው ጭን፣ ጎርፍ የነካው እግር ቤታቸው አይግባ። ትዕግሥትንም አድጋ፣ ተምራ፣ የተመኘችውን ሐኪም ሆና ያሳያቸው። እሳቸውም በእርጅናቸው ደክመው አልጋ በያዙ ቀን ጠያቂ ቤታቸውን ሞልቶ ይምጣ፤ መድኃኒት የያዘው መድኃኒት፣ ገንፎ የያዘው ገንፎ፣ ጋቢ የያዘው ጋቢ ይዞ። በር ላይም ቆሞ፣ አባታችን ምን ጎደላቸው ብሎ ሲጠይቅ፣ ያስጠኗት የልጅ ልጃቸው የተማረችውን አትርሳ፤ ከራስጌያቸው ትነሳ፤ እጇን ወደ ኋላ ታድርግ፤ በዚያች ጥርት ባለች ድምጿም ትመልስላቸው፦ «ምንም አልጎደለንም።»

አሜን በል እንጂ፣ ደባልቄ።